የሬሬኩራ ጸጉር የት ገባ?

ፌቱ ናት ያወራችው። ፌቱ ማለት ከፓሬሁያ ቤት ቀጥላ ያለችው፣ ጆሮዋን አጥር ላይ አስጥታ የምትውለው ሴትዮ ናት። ፓሬሁያ ከወንዙ ላይኛው በኩል ያንን እባብ መሳይ ዓሣ ስታጠምድ ሰንብታ መመለሷ ነበር። ቅርጫቷን ከጀርባዋ ሳታወርድ ፌቱ ከች አለችና፣ እንደ አገሩ ሰላምታ አፍንጫዋን ከአፍንጫዋ ለወጉ ነካ አድርጋ፣ በቅጡ ሰላም እንኳ ሳትላት «ሰማሽ?» አለቻት።

«ምኑን?»

«አልሰማሽማ! ጆሮ ለባለቤቱ ባዳ ነው። እኔስ ባልናገር ነው የሚሻለኝ።»

«እንግዲያ አትናገሪ» አለች ፓሬሁያ፣ እንደማያስችላት ታውቃለቻ።

ፌቱ ግራ ቀኟን አየት አየት አደረገች። «የፔቲፋ ሚስት የልጅሽን ልጅ ላጨቻት።»

ቅርጫቱ ከፓሬሁያ ትከሻ ተንሸራቶ ዱብ አለ። ዓሣዎቹ እየተልመዘመዙ በሣሩ ላይ ተበተኑ፤ ሁለቱም ግን አላነሷቸውም።

«የቷን ልጅ?»

«ሬሬኩራን ነዋ! ያንን ቀይ ጸጉሯን በመቀስ ሙልጭ! ቆይ እንጂ፣ ጉዱ ገና ነው። ከላጨቻት በኋላ እጇን በጨርቅ ጠረግ ጠረግ አድርጋ፣ ቁጭ ብላ ዳቦዋን በላች። በዚያው እጇ!»

«በዓይንሽ አየሽ?»

«እኔ የሰው ነገር አላይም። አጥራቸውን ተደግፌ ቃጫ ስፍቅ ሴቶቹ ልጆች ሲያወሩ ሰማሁ እንጂ። ቃጫው ደግሞ ብዙ ነበር፣ ሁሉንም ሰማሁ።»

ፔቲፋ ማለት ከባሕር ማዶ መጽሐፉን ይዞ የመጣው ነጭ ሰባኪ ነው። ከመንደሩ ወረድ ብሎ ወንዙ አፍ ላይ ቤትና ጸሎት ቤት ሠርቷል። ሚስቱ ደግሞ ሴቶቹን ልጆች ልብስ መስፋት ታስተምራለች። ሰባት ልብስ ይስፉ፣ ሰባት ጸሎት ይድገሙ፣ ፓሬሁያ ግድ አልነበራትም። የሬሬኩራ ራስ ግን የማንም ራስ አይደለም። የባላባት ዘር፣ ያውም የበኩር በኩር ናት፤ አያት ቅድመ አያቶቿ ሁሉ አናቷ ላይ ናቸው፤ ታፑ ነው፣ የማይነካ ቅዱስ ነው፤ እንኳን መቀስ፣ የሰው እጅ በላዩ አያልፍም። ጸጉሯ ሲረዝም የሚቆርጠው የታወቀ ሰው ነው፣ እሱም ፓሬሁያ ራሷ። የተቆረጠው አንዲት ዘለላ ሳትቀር ትለቀምና ሰው በማይረግጠው ቦታ ከድንጋይ ሥር ትደበቃለች። ክፉ ሰው እጅ ከገባች፣ ባለቤቷ በተኛችበት ትከሳለች፣ ትቃዣለች፣ ከዚያም ትሞታለች። የቆረጠው እጅ ደግሞ አዋቂው ድግምቱን ደግሞበት እስኪፈታው ድረስ እህል አይነካም፤ ሰው ነው የሚያጎርሰው።

ባለፈው ጊዜ ፓሬሁያን ያጎረሰቻት ጓደኛዋ ኮማኮ ነበረች። አብረው ጭቃ ያቦኩ፣ አገጫቸውን ባንድ ቀን የተነቀሱ ናቸው። ኮማኮ ሆዬ፣ ከጉድጓድ ምድጃው የወጣ እሳት የሆነ ስኳር ድንች በእንጨት ጫፍ ሰክታ አፏ ውስጥ ወርወር ስታደርግባት፣ ያቺ እጇን አታነሳ ነገር፣ አፏን ከፍታ «ሃ! ሃ!» እያለች ስትዘል መንደሩ በሳቅ ሊፈርስ ነበር። ያ ድሮ ነው። አሁን ኮማኮ ተጠምቃ ሩታ ተብላለች። «ኮማኮ» ብለው ሲጠሯት አልሰማም ትላለች። «ኮማኮ፣ ትንባሆ» ሲሏት ግን ትሰማለች።

ፓሬሁያ ዓሣዋን ለፌቱ ትታ በቀጥታ ልጇ ቤት ሄደች። ልጇ ሪፔካ እሷም የተጠመቀች ናት። ባሏ ዓሣ ነባሪ በሚያድኑ ነጮች መርከብ ከሄደ ወዲህ ሰንበት በመጣ ቁጥር ከጸሎት ቤቱ አትጠፋም። ደጃፉ ላይ ቆማ እናቷን ስታይ ፊቷ አመድ መሰለ። ሬሬኩራ ከኋላዋ ምንጣፍ ላይ ተኝታ፣ ራሷ በሰማያዊ ጨርቅ ተጠምጥሟል።

«አውልቂላት» አለች ፓሬሁያ።

«እማዬ፣ አሁን ገና ነው የተኛችው…»

«አውልቂላት አልኩሽ!»

ጨርቁ ተነሳ። ያ በምዕራብ ፀሐይ ጊዜ እንደ ፍም የሚበራ ጸጉር የለም። ራቁቱን የቀረ ራስ ነው፣ ነጭ ቅባት የተለቀለቀ፣ እዚህም እዚያም የቆሰለ።

«ቁስሉን አንቺም አይተሽዋል» አለች ሪፔካ። «አዋቂው ውሃ ረጨባት፣ አልለቀቃትም። መግሉ ጸጉሯን አጣብቆት ስታለቅስ ትውላለች፣ አንቺ ደግሞ የለሽም። ምን ላድርግ?»

«እስክመጣ መጠበቅ!»

«ብትመጪስ እሺ ትይ ነበር?»

መልስ ሲጠፋ ጥያቄ መጠየቅ ይሻላል፤ ፓሬሁያም ጠየቀች። «ጸጉሩስ?»

«ምኑ?»

«ጸጉሩ ነዋ! የት ገባ?»

ሪፔካ ዓይኗን መሬት ላይ ተከለች። «እሷ ወሰደችው። በጨርቅ ጠቅልላ።»

«ጠቅልላ? አልጣለችውም?»

«አልጣለችውም።»

የሚጣል ነገር ማን ይጠቀልላል? ልጅቷም በዚያው ነቃችና አያቷን አይታ «አያቴ፣ ራሴን ይወጋኛል» አለች።

«ምን ይወጋሻል የኔ እናት?»

«እሾህ። ብዙ እሾህ።»

ገላዋን ስትነካው እሳት ነው።

ከዚያን ቀን ጀምሮ ፓሬሁያ የምታየው ሁሉ ሌላ መልክ ያዘባት። የፔቲፋ ሚስት ከባሕሩ ዳር ቀንድ አውጣ ለቅማ በወረቀት ስትጠቀልል አየች፤ በፊትም ትለቅም ነበር፣ አሁን ግን «ይቺ ሴትዮ ሁሉን ነገር የምትጠቀልለው ለማን ነው?» አለች። የቤታቸውን መስኮት በጠራራ ፀሐይ በመጋረጃ ሸፍነውት አየች። ብርሃን የሚሸፍን ሰው የሚደብቀው ነገር ቢኖረው ነው። ፔቲፋም ልጅቷ መታመሟን ሰምቶ መድኃኒት በጠርሙስ ይዞ መጣ። ጥሩ። ከዚያ ግን ተንበርክኮ ሊጸልይላት ብሎ ያንን ትልቅ እጁን አናቷ ላይ ጫነው። ልጅቷ ጮኸች። ማምሻውን ትኩሳቱ ባሰ።

«አየሽ!» አለች ፌቱ ከአጥሩ ማዶ። «በጸጉሩ ጎትተው፣ በእጃቸው ደፍቀው! እኔ እንደሆነ የሰው ስም አላጠፋም፣ ግን ገዳዮች ናቸው።»

ፓሬሁያ ቱሮአ ዘንድ ሄደች። ቱሮአ የመንደሩ አዋቂ ነው፤ ጥርስ የለውም፣ ቃል ግን አለው። ነገሩን ሁሉ ሰምቷት አሰበ አሰበና «ጸጉሩን አምጪልኝ» አላት። «ቦታው ከተመለሰ እኔ እደግምለታለሁ። ጸጉሩ በነሱ እጅ ሆኖ እኔ እዚህ ብለፈልፍ አፌ ይደርቃል እንጂ ልጅቷ አትድንም።»

እንግዲህ ጸጉሩ መገኘት አለበት። ማን ያውቃል? የዚያን ቤት ጓዳ የሚያውቅ አንድ ሰው ነው፣ ኮማኮ። ባሕሩ ሲሸሽ ጭቃው ላይ ዛጎል ስትለቅም አገኘቻት። ነጮቹ የሰጧትን ኮፍያ ከነሪባኑ አድርጋለች፣ ፒፓዋን ነክሳለች።

«ኮማኮ!»

ዝም።

«ኮማኮ እኮ ነው የምልሽ!»

ዝም።

«ሩታ!»

«አቤት እቴ፣ መቼ መጣሽ?»

«የሬሬኩራን ጸጉር ማን ነው የያዘው?»

«ጸጉሩን አላውቅም» አለች ኮማኮ፣ ጎንበስ ብላ የሌለ ዛጎል እየፈለገች። «እኔ ልጅቷን ነው የያዝኩት።»

«ምን አልሽ?»

«ስትላጭ እንዳትንፈራገጥ ይዣታለሁ። ማን ይያዝልሽ ታዲያ? የማታውቀው ሰው? ጭንቅላቷ ትል ሊያፈራ ምን ቀረው!»

«በየትኛው እጅሽ ያዝሻት?»

«በሁለቱም።»

«ከዚያስ እህል በላሽ?»

ኮማኮ ፒፓዋን ከአፏ አወጣች። «ምሳ ሰዓት ነበር» አለች ቀስ ብላ።

ፓሬሁያ ጭቃው ላይ እንትፍ አለች። «ጸጉሩን የት እንዳደረጉት ታውቂያለሽ፣ ትደብቂኛለሽ። በኮፍያ ገዝተውሻል። ከዛሬ ጀምሮ አፍንጫሽን ወደ አፍንጫዬ እንዳታስጠጊ!»

«የኔስ አፍንጫ መች ቸኮለ!» አለች ኮማኮ። ግን ፓሬሁያ ዘወር ስትል፣ ፒፓው ጠፍቶባት ቆማ ቀርታ ነበር።

ሰው ካልነገረ ዓይን ይነግራል ብላ ፓሬሁያ በማግሥቱ የማይጠረጠር ነገር አደረገች፤ ልብስ ስፌት ልትማር ሄደች። መቼም የፔቲፋ ሚስት ደስታዋ ለከት አጣ። ቀጭን፣ ቀይ አፍንጫ ያላት ሴት ናት፤ ቋንቋውን እንደ ተሰበረ ሸክላ ነው የምትናገረው።

«ፓሬሁያ! አንተ መጣህ! እኔ ደስ! በጣም ደስ!»

«መጣሁ» አለች ፓሬሁያ፣ ዓይኗ ከሴትዮዋ ትከሻ በላይ ቤቱን እየበረበረ።

በረንዳው ላይ ሴቶቹ ልጆች ተደርድረው ይሰፋሉ። ኮማኮም ጥግ ላይ አለች፤ ሁለቱም እንዳልተያዩ ሆኑ። መቼም በካባ ሥራ ፓሬሁያን የሚያህል በወንዙ ግራና ቀኝ የለም። ያን ቀን ግን እጇ የበግ ሆነ፤ ክሩን አወሳሰበች፣ ጨርቁን ከራሷ ካባ ጋር ሰፋችው፣ ልጆቹ እስኪታመሙ ሳቁ። እሷ ስትታይ የምታስቅ ሴትዮ ሆና፣ ውስጧን ጓዳ ጓዳውን ታሰላለች። «ውሃ ጠማኝ» ብላ ተነሥታ ወጥ ቤቱን አየች። ከሁሉ የፈራችው ጸጉሩ የእህል እሳት ውስጥ ተጥሎ እንዳይሆን ነው። አመዱን በእንጨት ቆሰቆሰችው። የለም። የልብስ ሣጥኑን ክዳን ከፍ አደረገች። የበግ ጠጉር ብርድ ልብስና የካምፎር ሽታ። የለም። አልጋው ሥር አጎነበሰች። ጫማ።

«ውሃ አገኘህ?» አለች የፔቲፋ ሚስት ከበሩ፣ በፈገግታ።

«አገኘሁ፣ አገኘሁ» አለች ፓሬሁያ፣ ከአልጋው ሥር እየወጣች።

ሴትዮዋ ምንም አላለችም፤ ስኳር የበዛበት ሻይ ቀዳችላት። ይቺ ዝም ያለችው አውቃ ነው ወይስ ሞኝ ሆና? ፓሬሁያ ሻዩን ተቀብላ፣ ዘወር ብላ ለውሻው ደፋችለት። ውሻውንም እስኪሞት ጠበቀች። ውሻው ጭራውን ቆላ።

ትምህርቱ ሲያልቅ የፔቲፋ ሚስት አንዲት ትንሽ ቀይ ትራስ አወጣች፤ የዳቦ ጉርሻ ታህላለች። መርፌዎቹ እንዳይጠፉ የሚሰኩባት ናት። ልጆቹ ተራ በተራ እየመጡ መርፌያቸውን ጥቅ፣ ጥቅ፣ ጥቅ እያደረጉ ሰኩባት። አንዷ ልጅ ደግሞ ለጨዋታ ነቅላ መልሳ ጥቅ አደረገችው።

«አዲስ ናት?» አለች ፓሬሁያ። ለምን እንደጠየቀች እሷም አታውቅም።

«አዲስ! እኔ ሠራሁ» አለች ሴትዮዋ። «እንካ፣ አንተም ሰካ።»

ፓሬሁያ ተቀበለቻት። ስትጨምቃት ጭድ አይደለችም፣ ላባም አይደለችም። አንዱ ጎኗ ላይ ስፌቱ ላላ ብሏል፤ ከዚያች ቀዳዳ ጥቂት ዘለላ ወደ ውጭ ወጥቷል። ፀሐይ ስታርፍበት ፍም መሰለ።

እሾህ፣ ብዙ እሾህ።

ከዚያ በኋላ የሆነውን ፌቱ ስታወራው ፓሬሁያ እንደ ነብር ጮኻ ጠረጴዛ ገለበጠች ትላለች። ውሸቷን ነው፤ ጠረጴዛም አልነበረም። ፓሬሁያ ድምፅ እንኳ አላወጣችም። ትራሷን ከነመርፌዋ ካባዋ ውስጥ ከታ፣ ደረቷን እየወጋት፣ ከበረንዳው ወርዳ ሄደች። የፔቲፋ ሚስት ከኋላዋ «ፓሬሁያ! መርፌዎቹ! መርፌዎቹ!» እያለች ተጣራች። ወንዙ ዳር ስትደርስ ቁጭ አለችና መርፌዎቹን አንድ በአንድ፣ ሕፃን እንዳይነቃ የሚሰጋ ሰው እንደሚያደርገው ቀስ አድርጋ እየነቀለች፣ ውሃው ውስጥ ጣለቻቸው።

ለመንደሩ ጣጣ የሆነው ይሄ ነው። እንዲያው ጸጉሩ ብቻ ቢሆን ሁሉም ከፓሬሁያ ጋር በቆመ። መርፌ ግን ብርቅ ነው፣ መርከብ ሲመጣ ብቻ የሚገኝ ነው። ልጆቹ እያለቀሱ ቤታቸው ገቡ፣ እናቶቻቸው ደግሞ እየተሳደቡ ወጡ። «የአንዷን ልጅ ጸጉር ብላ የሁላችንን መርፌ!» አሉ። በሌላ በኩል ወንዶቹ ተሰብስበው የፔቲፋን ቤት እንዝረፍ አሉ። ደንቡ እንደዚያ ነው፤ የባላባት ራስ ያዋረደ ሰው ቤቱ ይገባበታል፣ ያለው ሁሉ ተጠራርጎ ይወሰዳል፣ እሱም ቁጭ ብሎ ያያል፣ በዚያው ነውሩ ይጸዳል።

ባላባቱ የፓሬሁያ ወንድም ታማሩዋ ነው። ጠዋት ሁሉንም አደባባይ ጠራ። ፔቲፋ ከነሚስቱ መጣ። ሪፔካ ልጅቷን አቅፋ መጣች። ፓሬሁያ ትራሷን በሁለት እጇ ጭኗ ላይ ይዛ መሬት ላይ ተቀመጠች። ቱሮአ አጠገቧ ተቀምጧል፤ «ስጪኝና ወስጄ ቦታው ልመልሰው» ቢላትም ታማሩዋ «ሳይነገር አይሆንም» ብሎ ከልክሏል።

ፔቲፋ ቆመ። ቋንቋውን ከሚስቱ ይልቅ እሱ ያውቀዋል፤ ከኛው ተምሮ እኛኑ የሚቆጣበት ነው።

«ሚስቴ ክፉ አላደረገችም» አለ። «የልጅቷን ቁስል አከመች። ጸጉሩ ያማረ ነበርና መጣሉ አሳዘናት። በኛ አገር መርፌ እንዳይዝግ ትራሱን በሰው ጸጉር መሙላት የሁሉም ቤት ልማድ ነው፤ የጸጉር ቅባት ዝገት ይከለክላል። እሷ ሰርቃ ሳይሆን፣ በግልጽ፣ በጠራራ ፀሐይ ነው የሠራችው።»

«ለስላሳ ነበር» አለች ሚስቱ ከጎኑ። «ቆንጆ። መጣል… ሐዘን።»

«ራሴን እሾህ ይወጋኛል እያለች ስታለቅስ ከርማለች!» አለች ፓሬሁያ። «እሾሁን ያበጃችሁት እናንተ ናችሁ! ጥቅ፣ ጥቅ፣ ጥቅ!»

«የተላጨ ጸጉር ሲበቅል ይወጋል፣ እናቴ። የኔም ጢም ይወጋል።»

ከወጣቶቹ መካከል አንዱ ሳቀ። አጠገቡ ያለውም ሳቀ። ፓሬሁያ ዞራ ስታያቸው ሳቃቸውን ወደ ሳል ለወጡት፤ ሳል መሆኑን ግን ማንም አላመነም።

ፔቲፋ የሳቁን ድምፅ ሲሰማ ልቡ ሞላ። «ስሙኝ» አለ። «ጸጉር ከራስ ከተቆረጠ ገለባ ነው። ነፍስ የለበትም፣ አያት የለበትም፣ ኃይል የለበትም። እናንተን አስሮ የያዛችሁ ጸጉሩ አይደለም፣ ፍርሃቱ ነው። ያቺ የጉድጓድ ምድጃ እየነደደች ነው። ትራሷን ስጡኝ፣ በፊታችሁ ልጣላት። ልጅቷ አንድ ነገር ብትሆን ቤቴ የናንተ ነው፣ ዝረፉት። ካልሆነች ግን ይሄ ነገር ከዛሬ ወዲያ ያብቃ።»

የእህል እሳት! የሬሬኩራ ጸጉር፣ ስኳር ድንች በሚበስልበት! አሮጊቶቹ አፋቸውን ያዙ። ወጣቶቹ ግን እርስ በርስ ተያዩ። አንዳንዱ «እስቲ እንየው» የሚል ዓይን ነበረው።

«ካልሰጠንህስ?» አለ ታማሩዋ።

«ካልሰጣችሁኝማ እዚህ ምን እሠራለሁ? ዕቃዬን ጭኜ ወደ ማዶ ሰዎች እሄዳለሁ። መርከቦቹም እኔ ካለሁበት ነው የሚቆሙት።»

የማዶ ሰዎች ሲባል ሁሉም ተንቀሳቀሰ። የማዶ ሰዎች የታማሩዋን አባት የገደሉ ናቸው። መርከብ እነሱ ዘንድ ቆመ ማለት መጥረቢያውም ጠመንጃውም እነሱ ዘንድ ወረደ ማለት ነው። ታማሩዋ ንቅሳቱ እስኪሸበሸብ ፊቱን ጨመደደ።

ፔቲፋ ወደ ሪፔካ ዞረ። «ሪፔካ ልጄ፣ አንቺ አምነሽ የለም? እናት አንቺ ነሽ። ንገሪያቸው።»

ሪፔካ ልጇን ጥብቅ አደረገች። «አምናለሁ» አለች። ከዚያ ልጇን አየች፣ የሚጨሰውን ምድጃ አየች። «አምናለሁ፣ አባታችን። ግን እሳቱ ውስጥ አይግባ።»

«እምነት ግማሽ የለውም፣ ልጄ።»

ሪፔካ አንገቷን ደፋች። ልጅቷ እቅፏ ውስጥ አቃሰተች።

ታማሩዋ ካባውን ሰብስቦ ወደ እህቱ መጣና እጁን ዘረጋላት። ዓይኗን ማየት ግን አልቻለም። «ስጪው እህቴ» አላት። «የብዙ ሰው ነገር ነው።»

«የአንዲት ልጅ ነገር ነው» አለች ፓሬሁያ። እጇ ግን ላልቷል። ለወንድሟ እምቢ ብላው አታውቅም። ትራሷን ከጭኗ ላይ አነሳቻት፤ ቀላል ናት፣ ሬሬኩራ ሕፃን ሳለች ራሷን ደረቷ ላይ ስታስደግፍ ይቀላት እንደነበረው።

በዚህ መሀል ኮማኮ ተነሣች። ኮፍያዋን አስተካከለች፣ ሪባኑን አገጯ ሥር አሰረች። «በቃ መጣችልህ የሰባኪው አፍ!» አለ አንዱ ከኋላ። ፓሬሁያም «አሁን ደግሞ ልትቀብረኝ ነው» አለች በልቧ። ፔቲፋ ግን ፊቱ ፈካ።

«ሩታ እህታችን ትናገር» አለ።

«ልናገር» አለች ኮማኮ። «እኔ ልጅቷን ስትላጭ የያዝኩ ሰው ነኝ። አንድ ነገር ብቻ ልጠይቅ። ጸጉር ከራስ ከተቆረጠ ገለባ ነው ብለሃል። ሰምቻለሁ?»

«ብያለሁ።»

«ነፍስ የለበትም።»

«የለበትም።»

«እና ሚስትህ አንገቷ ላይ ባንጠለጠለችው የወርቅ ክታብ ውስጥ ያለው ምንድነው?»

የፔቲፋ ሚስት እጇ ሳታዝዘው አንገቷ ላይ ወጣ።

ኮማኮ ወደ ሕዝቡ ዞረች። «ከልብሷ ሥር ስለሆነ አይታችሁት አታውቁም። እኔ አይቻለሁ። ብቻዋን ስትሆን ከፍታ ትስመዋለች። ምንድነው ብላት አልቅሳ ነገረችኝ፤ ባሕር ላይ የሞተችባት ልጇ ጸጉር ነው። ቢጫ። እንዲህ ያለች ቁራጭ። ከዚያች ልጅ የቀራት እሱ ብቻ ነው።»

ታማሩዋ የዘረጋውን እጅ መልሶ ካባው ውስጥ ከተተ።

«ያ ሌላ ነው» አለ ፔቲፋ። ፊቱ ደም መሰለ። «ያ የልጃችን… ያ ማስታወሻ ነው። ያን ከዚህ ጋር አታነጻጽሪ፣ ሩታ።»

«ኮማኮ ነው ስሜ» አለች ኮማኮ። «ደግሞ ምን አነጻጸርኩ? ገለባ ያልከው አንተ። በል እንግዲያ ገለባችሁን አምጡና ከገለባችን ጋር እናንድደው። የናንተ ይቅደም፤ እኛ ዘንድ ቅድሚያው ለእንግዳ ነው።»

የፔቲፋ ሚስት ክታቡን በሁለት እጇ ጨብጣ ከምድጃው ራቅ አለች፤ ፓሬሁያም ትራሷን መልሳ ጭኗ ላይ አስቀመጠቻት።